ጭራውን አትቁረጡት

ደባርቅ
ግንቦት ፲፪ ቀን ፳፻፲፯ ዓ.ም.

ይድረስ በርሊን ላለችው አንዲት ልጄ፣ ለሕሊና እንዳለው፤

የኔ ዓለም፣ እንደምን ከረምሽልኝ? ብርዱ ለቀቀሽ ወይስ አሁንም ጃኬት ለብሰሽ ነው የምትተኚው? እኔ አምላክ ይመስገን አለሁ። እበላለሁ፣ እተኛለሁ፣ ከጎረቤት እነታረካለሁ፤ ከዚህ በላይ ጤና የለም። ግራ እጄም ትንሽ ትንሽ እየተሻለው ነው።

ኔትወርኩ እንደምታውቂው ነው። ብቅ ባለ ጊዜም አንቺ «አባዬ ይሰማሃል?» ስትይ፣ እኔ «ይሰማል፣ ላንቺስ?» ስል ካርዱ ያልቃል። አሁን ኤልሳቤጥ ወደ አዲስ አበባ ልትመለስ ስለሆነ፣ ወደዚያ ለሚመጣ ሰው ትሰጥልኝ ብዬ በወረቀት ልጽፍልሽ ተቀመጥሁ። የምጽፈው በደህናው በቀኝ እጄ ነው፤ ወረቀቱ እንዳይሸሽ የያዘልኝ ደግሞ የእናትሽ ዘነዘና ነው።

ዋናውን ጉዳይ አስቀድሜ ልንገርሽ፣ የቀረውን እየተረጋጋሽ ታነቢዋለሽ። ባለፈው ስትደውይ፣ «ኦዴድ የከበሮውን ድምፆች ሊያጸዳቸው ነው፤ ጫጫታ ስላለባቸው ከምቱ ኋላ የሚተርፈውን የሁሉንም ጭራ ይቆርጠዋል። አዲሱን እልክልህና በአሮጌው ላይ ትጭነዋለህ፤ ለገበያም የሚወጣው እሱ ነው» አልሽኝ። እኔም እሺ አልሁ። እሺታዬን መልሺልኝ። የከበሮውን የጠባብ ፊት ጭራ አይንካው በይው። ምክንያቱን ያን ጊዜውኑ ልነግርሽ ጀምሬ ድምፄ እንቢ አለኝ። አንቺ መስመሩ የተቆረጠ መስሎሽ «ሃሎ፣ ሃሎ» ትይ ነበር። መስመሩ አልተቆረጠም ነበር፣ ልጄ።

የሥራ ባልደረባሽን ኦዴድን ባላየውም እወደዋለሁ። አያቱ ዙፋን ከዳባት ወጣ ብሎ ካለ መንደር ተነሥታ እስራኤል የገባች ናት ካልሽኝ ጀምሮ ከዘመድ ቆጥሬዋለሁ። ዘመድም ቢሆን ግን መቀስ ሲይዝ ዝም አይባልም።

መጀመሪያ ምስጋናዬን ላድርስ። የላክሽው ሣጥን ደርሶኛል። አብሮ አደግሽ ኤልሳቤጥ እስከ ጎንደር በአውሮፕላን፣ ከጎንደር እስከዚህ በሚኒባስ፣ ሕፃን እንደታቀፈች ሰው ታቅፋ አመጣችው። ከፈትነው። አንድ ላፕቶፕ፣ አንድ ደግሞ ላስቲክ ቁልፎች የተደረደሩበት ጥቁር ገበታ።

«ይኸ ምንድን ነው?» አልኋት።

«ከበሮህ ነው፣ ጋሼ እንዳለው።»

«ከበሮዬማ ያውና ግድግዳው ላይ።»

«ያኛው ቀኝ እጅህ ነው። ይኸኛው ግራህ» አለችኝ። ይህን እንድትል አንቺ ነግረሻት ይሁን ከራሷ ይሁን እንጃ።

ስትሮክ ግራ ጎኔን ከመታኝ ወዲህ ከበሮዬን አውርጄ አላውቅም ነበር። አንድ ቀን ብቻ ሞክሬዋለሁ። ከበሮ ሁለት ፊት ነው። ሰፊው ፊት በቀኝ እጅ ይጠይቃል፣ ጠባቡ ፊት በግራ ይመልሳል፤ ጨዋታው ያለው በመልሱ ላይ ነው። እኔ በአንድ እጄ ዱም፣ ዱም፣ ዱም ስል የሚመልስልኝ አጣሁ። እናትሽ ከሞተች ወዲህ ቤቱም እንደዚያው ነበርና አልቻልሁትም፤ መልሼ ሰቀልሁት።

የተቀዳበት ቀን ትዝ ይልሻል? ለእንቁጣጣሽ መጥተሽ ሰንብተሽ፣ አንድ ጠዋት ሳሎኑን ገለባበጥሽው። አንሶላውን፣ ብርድ ልብሱን፣ የእኔን ጋቢ ሳይቀር ግድግዳ ላይ ሰቀልሽ። መስኮቱን ዘጋሽ። ማይክራፎንሽን በሦስት እግሩ አቆምሽና፣ «አባዬ፣ አንድ ጊዜ ብቻ ምታ። ከዚያ ድምፁ ፈጽሞ እስኪጠፋ ዝም በል» አልሽኝ።

«ከዚያስ?»

«ከዚያ እንደገና አንድ ጊዜ።»

እኔ ሰርግ ሳጫውት የኖርሁ ሰው ነኝ። ሳንቃ በር የፓርክ ጠባቂ ስካውት ሆኜ ሳገለግል እንኳ ተጓዦቹ እሳት ዙሪያ ሲቀመጡ ከበሮ የምመታው እኔ ነበርሁ። እንዲህ ያለ አመታት አላጋጠመኝም። «ይኸ መምታት ሳይሆን በር ማንኳኳት ነው» አልሁሽ። አንቺ ሳቅ ብለሽ፣ ልስልስ፣ መካከለኛ፣ ጠንካራ እያልሽ ታዢኝ ጀመር። ዱም። ዝም። ዱም። ዝም።

አንቺ በርሊን ከርመሽ ረስተሽው፣ እኔ ተናድጄ ሳላስተውል ቀረን እንጂ፣ በእኛ ሰፈር ከበሮ በጠዋት አንድ አንድ እየተመታ በመካከሉ ጸጥ የሚባለው ሰው ሲሞት ነው። ብዙም አልቆየ፣ ከውጭ የአገርነሽ ዋይታ መጣ። የጎረቤታችንን የአገርነሽን ጉሮሮ ብርድ ልብስ አይመክተውም። እንዲህ እያለች ታወርዳለች፦

ከበሮህ ከቤት ነው ተሰቅሎ ከማገር፣
ማን ይመልስልን የእጅህን ነገር።

እኔ ሌላ ከበሮ መቺ የሞተ መሰለኝ። በውስጤ ያገሩን መቺዎች አንድ በአንድ ቆጠርሁ። ደነገጥሁ፤ እግዜር ይቅር ይበለኝና ትንሽ ደስም ሳይለኝ አልቀረም። አንቺ ጆሮሽን በማዳመጫ ደፍነሽ በጣትሽ «ቀጥል» ትይኛለሽ። እኔም ጠባቡን ፊት በግራዬ ጠንከር አድርጌ አቀመስሁት።

በዚህ ጊዜ ነው እናትሽ ጭልፋዋን እንደያዘች ከጓዳ ወጥታ የደጁን በር ብርግድ ያደረገችው። ሰፈሩ በሙሉ ደጃችን ላይ ነው። ወልደ ሩፋኤል ወደ ጨነቅ ካምፕ ሊነዳቸው የጫናቸውን በቅሎዎች መንገድ ላይ ጥሎ ጋቢውን ዘቅዝቆ መጥቷል። እናትሽ ስጦታም በዚያ በማይሰበር ድምፅዋ፣ «የሞተ የለም! ከመጣችሁማ ግቡ!» አለች።

«እማዬ፣ እየቀረጽሁ ነው!» ብለሽ ጮኽሽ። እናትሽ ግን እንግዳ ደጅ ቆሞ እየቀረጽሁ ነው የሚባል ነገር አታውቅም።

አገርነሽ ገባች። እኔን ከነከበሮዬ ቆሜ አየችኝ።

«አንተ ነህ እንዴ?»

«እኔ ነኝ።»

«ታዲያ ማን ሞተ?»

«እንጃ፣ የምታለቅሽው አንቺ ነሽ።»

«ቆመህ ታስለቅሰናለህ!» ብላ በነጠላዋ ጫፍ ጠበጠበችኝ። ከዚያ በኋላ የሆነውን ታውቂዋለሽ። ለዳስ ማርያም በዓል የተጠመቀው ጠላ ሳይደርስ ተቀዳ፤ ያለቀሱልኝን ሰዎች እስኪመሽ ሳስጨፍራቸው ዋልሁ። ሰው ሞቶ የማይሰማውን ሙሾ በቁሙ የሰማ ከእኔ በቀር ማን አለ? በዓመቱ ጥቅምት ላይ ለስጦታ ለቅሶ የመጡትም እነዚያው ሰዎች ናቸው። ያን ጊዜ ግን በሩን ከፍቶ ግቡ የሚል አልነበረም፤ ራሳቸው ገቡ።

አንቺ ለቀብሯ አለመድረስሽ መንገድ ተዘግቶ እንጂ ልብሽ ተዘግቶ እንዳልሆነ እኔ አውቃለሁ፣ እሷም ታውቃለች። ከዚያ ወዲህ ነይ ስልሽ የምትመልሽልኝን ግን እስካሁን አልለመድሁትም። «እማዬ የሌለችበት በር ላይ ቆሜ ምን እላለሁ?» ትይኛለሽ። ወደዚህ እመለስበታለሁ።

ወደ ሣጥኑ ልመለስ። ኤልሳቤጥ የጻፍሽላትን እያነበበች አሳየችኝ። ከግራ እጄ የምትታዘዘኝ ሌባ ጣቴ ብቻ ናት፤ እሷም ዝንብ አታባርርም። አንቺ ግን ድምፆቹን የሚያወጣውን የላፕቶፑን ፕለጊን አስተካክለሽ፣ ቁልፉን ነካ ሳደርገው የድሮ ሙሉ ክንዴ የመታው ያህል እንዲጮኽ አድርገሽዋል። የመጀመሪያውን ስነካ ደንግጬ ወደ ኋላዬ ዞርሁ። የእኔው እጅ ነው! የእኔ የጠባብ ፊት አመታት፣ ከመዳፍ ጫፍ፣ አውራ ጣት ሳይነካ። ደግሞ ብነካው ሌላ ምት መጣ፤ ደግሞም ሌላ። ያን ቀን የመታኋቸው ምቶች ናቸው ተራ በተራ የሚወጡት። «ሰው የሚመታው ምት ሁለቴ አንድ ዓይነት አይሆንም» ብለሽ ነው አሉ እንዲህ ያደረግሽው። ይህን የሚያውቅ የከበሮ መቺ ልጅ ነው። ኤልሳቤጥ ፊት አለቀስሁ፤ ብትነግርሽ አትሳቂብኝ።

አገርነሽ ወሬውን ሰምታ በማግሥቱ መጣች።

«ለልጄ ሰርግ ልትመታልኝ ቃል ገብተህልኛል።»

«በየትኛው እጄ?»

«ቃል በገባህበት እጅ» አለችኝና ወጣች። ከእሷ ጋር መከራከር ከደረስጌ መልስ ዳገቱን በእግር እንደመውጣት ነው።

ሰርጉ የዳግማይ ትንሣኤ ዕለት ነበር። ዳሱ ውስጥ ወንበር ላይ አስቀመጡኝ። እውነተኛውን ከበሮ በቀኜ አሰሩልኝ፣ ገበታሽን በግራ ጉልበቴ ላይ አኖሩልኝ። መሪጌታ ሀብተ ሚካኤል ለቡራኬ መጥተው ነበርና ላፕቶፑን አጎንብሰው አዩት።

«እንዳለው፣ ይኸ ከበሮህ መብራት ሲጠፋ ይጾማል?»

«ይጾማል መሪጌታ፤ ግን እንደ እኔ ተደብቆ አይገድፍም» አልኋቸው። ሳቁልኝ፣ ልቤም ረጋ አለ።

ከበሮ በሰው እጅ ያምር፣ ሲይዙት ያደናግር ይባል የለ? እኔ በገዛ ከበሮዬ ተደናገርሁ። የሙሽራው ወንድሞች ትልቅ ሞንታርቦ አምጥተው ያለ ገመድ፣ በብሉቱዝ አገናኝተውት ነበር። በቀኜ ዱም ስል በግራዬ ነካሁ፤ መልሱ ቆይቶ፣ ከጓሮ እንደተጠራ ሰው ዘግይቶ መጣ። እንደገና። እንደገናም ዘገየ። ሙሽራው እግሩ ተጠላለፈ፣ ሚዜዎቹ ቆሙ፣ አንዲት ሴት «ምስኪን» ስትል ሰማሁ። ሕሊና፣ እንዲያ ያለ ሐፍረት አይድረስብሽ። ተነሥቼ እንዳልወጣም እግሬም እንደ እጄ ነው። ኤልሳቤጥ ናት የደረሰችልኝ። «ብሉቱዙ ነው የሚያዘገየው!» ብላ ገመድ ፍለጋ ሰርገኛውን በረበረች። ገመዱ ሲሰካ ነካሁት። መልሱ ቀጥ ብሎ ጥያቄው አፍ ላይ ዱብ አለ።

ከዚያ በኋላማ ምኑን ልንገርሽ! ትከሻ ሁሉ ተነሣ። ወልደ ሩፋኤል በዚያ በሚያነክሰው እግሩ እስክስታ ወረደ። ሰው የሚያየው አንድ እጄን ነው፣ የሚሰማው ግን ሁለት ነው። አገርነሽ አጠገቤ መጥታ በጆሮዬ፣ «እጅህን ማን መለሰልህ?» አለችኝ። ያን ቀን በሙሾዋ የጠየቀችውን መድገሟ ይሁን እንጃ። «ልጄ» አልኋት። እግዜር ሳይደግስ አይጣላም የሚሉት እንዲህ ሲሆን ነው።

አሁን ወደ ጉዳዬ ደረስሁ። አንዱ ዘፈን አልቆ፣ ሁሉም እያለከለከ ቆመ። እኔ የመጨረሻውን ምት ነክቼ ጣቴን አላነሣሁም። ጣቴ ለመጫን አይሰንፍም፣ ለመነሣት ግን እንደ ደከመ በሬ ነው። ቁልፉ ቶሎ ካልተለቀቀ ድምፁ እስከ ጭራው ይሄዳል፤ ይህን ከእኔ የበለጠ ታውቂዋለሽ። ምቱ አለቀ፣ ጥቂት ዝምታ ሆነ፣ ከዚያ ያ ሁሉ ሰው በተሰበሰበበት በዚያ ትልቅ ሞንታርቦ፣

«የሞተ የለም! ከመጣችሁማ ግቡ!»

ስጦታ።

ዳሱ ውስጥ የሚበላ ጉርሻውን ይዞ ቀረ። የማያውቋት የሙሽራው ወገኖች ግራ ተጋብተው እርስ በርስ ይተያያሉ። እኔ ቁልፉን እንደተጫንሁ ወደ አገርነሽ ዞርሁ። አገርነሽ ሁለት እጇን አፏ ላይ ጭና ቆማ ነበር። ታለቅሳለች ብዬ ጠበቅሁ። እሷ ግን እጇን አነሣችና እልል አለች። እንዲህ ያለ እልልታ ከጉሮሮዋ ወጥቶ አያውቅም። ከዚያ ሰፈራችን በሙሉ ተከተላት፤ ያን ጠዋት ደጃችን ላይ ቆመው ግቡ የተባሉት ሁሉ እያለቀሱ ይስቁ ነበር። ደጅ ቆመው ለመግባት ያፈሩ ሩቅ ዘመዶች ደግሞ የተጠሩ መስሏቸው ተግተልትለው ገቡ። እናትሽ ሞታም እንግዳ አስገባች።

ከዚያ ቀን ወዲህ ከሰዓት በኋላ፣ ፀሐይዋ ወደ ሳሎን ስትገባ፣ ላፕቶፑን እከፍታለሁ። ቁልፉን እነካለሁ፣ እጠብቃለሁ። ሌሎቹ ምቶች ተራ በተራ ይወጣሉ፤ እሷ ተራዋን ጠብቃ ትመጣለች። ቶሎ ነይ ብላት አትመጣም፤ በቁሟም እንደዚያው ነበረች። ስትመጣ «ገብቻለሁ፣ ስጦታ» እላታለሁ። ኤልሳቤጥ ጣቷ ፈጣን ነውና ስትሞክረው አንድም ቀን አልሰማቻትም። የኦዴድም ጣት ፈጣን ይሆናል።

ያንቺስ? አንዳንዴ አስባለሁ። የአገርነሽ ዋይታ የገባባቸውን ምቶች፣ የበቅሎ ኮቴ የተሰማባቸውን፣ እኔ የሳልሁባቸውን ሁሉ አውጥተሽ ጥለሻል። ይህችን አንዷን አልጣልሻትም። ሳታውቂ ነው? አልጠይቅሽም፤ አንቺም አትመልሽልኝ።

ይህን ደብዳቤ ስጀምር ልልሽ ያሰብሁት፣ ለእኔ ያለውን ተዉልኝ፣ ለገበያ የሚወጣውን ግን ቁረጡት፣ የሚስቴ ድምፅ አይሸጥም የሚል ነበር። እየጻፍሁ ሳለሁ ሐሳቤ ተለወጠ። እናትሽ ደጇ የቆመውን ሰው ማነህ ብላ ጠይቃ አታውቅም። ሌላ አገር ያለ አንድ ሰው ከበሮዬን ገዝቶ፣ ጣቱን ቁልፉ ላይ ረስቶ ቢያቆየው፣ ቋንቋውን ባያውቅም አንዲት ሴት በሩን ስትከፍትለት ይሰማል። ይሰማ። ለኦዴድ እንዲህ ብለሽ ንገሪው፤ አያቱን ይጠይቃት፣ ዙፋን ትተረጉምለታለች። ከተረጎመችለት በኋላም መቀሱን ካነሣ፣ ያን ጊዜ ከእኔ ጋር ነው ጠቡ።

ልጄ፣ ስለ ሣጥኑም፣ ስለ እጄም፣ ስለ እሷም እግዜር ይስጥልኝ። ለሰው አገር ብርድ የሰጠሁሽ መስሎኝ ስቆጭ ነበር፤ አንቺ ግን ቤቴን እዚያ ሆነሽ ጠገንሽው። የደረስጌዋ ማርያም ከፊትሽም ከኋላሽም ትሁን። የነካሽው ይባረክ፣ ያደመጥሽው ይጥራልሽ። እናትሽ ሳትጠግብሽ የሄደችበትን ዕድሜ በአንቺ ላይ ይጨምርልሽ። ኦዴድንም ከነአያቱ ይጠብቅልኝ።

ስለ በሩ የጠየቅሽኝን አልረሳሁም። ስትመጪ ምንም ማለት የለብሽም። ከጎንደር ስትነሺ ደውይልኝ፤ ዳባት ትደርሻለሽ በምልበት ሰዓት ሞንታርቦውን ተውሼ ወደ ደጅ አዞረዋለሁ፣ በገመድ እንጂ በብሉቱዝ አይደለም። የሌሎቹን ምቶች ተራ አስቀድሜ እጨርስና ጣቴን ቁልፉ ላይ አድርጌ እጠብቅሻለሁ። የበሩ ድምፅ ሲሰማኝ እጫነዋለሁ፤ አንቺ ደጅ ቆመሽ አድምጭና፣ እናትሽ እንዳለችሽ አድርጊ።

አባትሽ፣
እንዳለው